ቅጠል የሌለውን ዛፍ ማወቅ፦ ስለ ካፋ ዛፎችና ስለ እንጨታቸው
(በቦንጋ ከተማ ለሕዝብ ክፍት ሆኖ የቀረበ ንግግር ሙሉ ቃል)

ከጊምቦ፣ ከዴቻና ከአዲዮ ድረስ መጥታችሁ ከኋላ የተቀመጣችሁ አባቶችና እናቶች፣ ከኋላ መቀመጣችሁ ቅር አሰኝቶኛል፤ ዛሬ ከምናገረው ውስጥ አብዛኛውን ከእኔ ይልቅ እናንተ ታውቁታላችሁና ቦታው ካለ ወደ ፊት ብትመጡልኝ ደስ ይለኛል።

ስለ ካፋ ደን ይናገራል ሲባል ምን እንደምትጠብቁ እገምታለሁ። ዐረቢካ ቡና በዱር የበቀለበት ምድር ነው፤ በ2002 ዓ.ም. በዩኔስኮ የተመዘገበና ከ760 ሺህ ሄክታር በላይ የሚሰፋ የባዮስፌር ክልል ነው፤ ከቆላው አንሥቶ ከባሕር ጠለል በላይ 3,000 ሜትር እስከሚያልፈው ደጋ ድረስ ይዘልቃል። ይህ ሁሉ እውነት ነው፤ በዚህ ከተማም በየስብሰባው ይነገራል። የዛሬው ርእሴ ግን እንጨት ነው። ይኸውም ዛፉ ከወደቀ፣ ቅጠሉ ከረገፈ፣ ቅርፊቱ ከተላጠ በኋላ የሚቀረው ነገር ነው።

ለምን እንጨትን እንደ መረጥሁ በቋንቋ ልጀምርና ላስረዳ። ግእዝ «ዕፅ» ሲል ዛፉንም እንጨቱንም ነው። ዕፀ ሕይወት ስንል የቆመ፣ የሚያፈራ ዛፍ በዐይነ ልቡናችን ይመጣል፤ ዕፀ መስቀል ስንል ግን ተጠርቦ የተገጠመ እንጨት ነው። አማርኛችን ሁለቱን ለያይቶ አንዱን ዛፍ፣ ሌላውን እንጨት ብሎታል። ይሁንና እዚህ ደን ውስጥ የሚገኘውን ትልቅ ዛፍ፣ ካፊቾዎች ኦሞ የሚሉትን፣ አማርኛ ተናጋሪው ቆሞ እያየው «ጥቁር እንጨት» ይለዋል። ስም ያወጣለት ሰው ዛፉን ያወቀው በመጥረቢያው በኩል ይመስለኛል። በትምህርት ቤታችን ደግሞ የሆነው የዚህ ተቃራኒ ነው። እኛ ዛፍን የምናውቀው በቅጠሉ፣ በአበባውና በፍሬው ብቻ ሆኗል።

ይህን ስል የዕፀዋት ሳይንሳችንን ማቃለሌ እንዳይመስላችሁ። እ.ኤ.አ. በ1980 የተጀመረውና በ2009 የተጠናቀቀው የኢትዮጵያና የኤርትራ ዕፀዋት መዝገብ፣ እነ ፕሮፌሰር ሰብስቤ ደምሰው ዕድሜያቸውን የሰጡበት ሥራ፣ ስድስት ሺህ ገደማ ዝርያዎችን ለይቶ ያስቀመጠ ታላቅ ሀብት ነው። የዝርያ መለያው ግን እንደ ማንኛውም የዕፀዋት መዝገብ በቅጠል አቀማመጥ፣ በአበባ ክፍሎችና በፍሬ ላይ የቆመ ነው። አንድ ተማሪ መዝገቡን ይዞ ደን ውስጥ ቢገባ ዋንዛን ከብሳና፣ ቀራሮን ከዶቅማ ይለያል። ያንኑ ተማሪ አናጢ ቤት ወስዳችሁ የተላገ ጣውላ ብታሳዩት ግን ዝም ይላል። በየዓመቱ መጨረሻ እኔ ራሴ የማደርገው ፈተና ስለሆነ በእርግጠኝነት እናገራለሁ። አራት የጣውላ ቁራጮች ጠረጴዛ ላይ አስቀምጣለሁ፤ አራቱንም በትክክል የሚለይ ተማሪ በጣም ጥቂት ነው።

ይህ ጉድለት የሚጎዳው የት ነው? የመጀመሪያው ቦታ ኬላ ነው። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የደን ጥበቃ፣ ልማትና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 94 ኮሶን፣ ዋንዛን፣ ዝግባንና ጥድን በስም ጠርቶ እንዳይቆረጡ ከለከለ። አዋጁ በ1999 ዓ.ም. በቁጥር 542፣ በኋላም በ2010 ዓ.ም. በቁጥር 1065 ተተክቷል፤ የአራቱ ዛፎች ስም ግን እስከ ዛሬ በእያንዳንዱ የደን ባለሙያ አፍ ላይ አለ። አሁን በዐይነ ልቡናችሁ አንድ የጭነት መኪና ኬላ ላይ አቁሙ። መኪናው ጣውላ ጭኗል። ይለፉ «ግራቪሊያ» ወይም «የፈረንጅ ጥድ» ይላል። በጣውላው ላይ ቅጠል የለም፤ አበባ የለም፤ ፍሬ የለም። ባለሙያው ወረቀቱን ከማመን ወይም በጥርጣሬ ሰውን ከማጉላላት በቀር ምን አማራጭ አለው? ሕግ አውጪው ዛፍን በስሙ ጠራ፤ ሕግ አስከባሪው ግን የሚያገኘው እንጨት ነው። በሁለቱ መካከል ያለውን ገደል የሚሞላው ዕውቀት በሥርዓተ ትምህርታችን ውስጥ ቦታ አላገኘም።

ዕውቀቱ ከባድ ሆኖ አይደለም። አንድ የተሳለ ቢላዋና አሥር እጥፍ የሚያጎላ ማጉያ መነጽር ይበቃል። የጣውላውን ራስ፣ ማለትም በመጋዝ የተቆረጠውን ጫፉን፣ በቢላዋ አንድ ጊዜ ላጥ ታደርጉና በመነጽሩ ታዩታላችሁ። መጀመሪያ የምትጠይቁት ቀዳዳ አለው ወይስ የለውም ብላችሁ ነው። ዋንዛና ኮሶ ውኃ የሚያመላልሱት በቧንቧ ነው፤ የቧንቧዎቹ አፍ በተቆረጠው ጫፍ ላይ እንደ መርፌ ቀዳዳ ተበትኖ ይታያል። ጥድና ዝግባ ግን ቧንቧ የላቸውም፤ ውኃው የሚወጣው በቀጫጭን ክሮች ውስጥ ነው፤ ስለዚህ ፊታቸው ጥቅጥቅ ያለ ነው። በዚህ በአንድ ጥያቄ ብቻ አራቱን ሁለት ሁለት አድርጋችሁ ከፈላችኋቸው።

ቀጥሎ ትንሽ ትዕግሥት ይጠይቃል። ቀዳዳ የሌለው ጣውላ ሁሉ የተከለከለ አይደለምና፤ ተክለን የምናሳድገው የፈረንጅ ጥድም ፓይንም ቀዳዳ የላቸውም። ፓይን ቀላሉ ነው፤ ሙጫ የሚያልፍባቸው ነጠላ ነጥቦች አልፎ አልፎ ይታዩበታል፤ ሽታውም የሙጫ ነው። አገር በቀሉ ጥድ ልቡ ቀይ ወደ ቡናማ የሚያደላ ነው፤ ሲላግ የሚወጣው መዓዛ እርሳስ ስትቀርጹ ከምታሸቱት ጋር አንድ ነው፤ ምክንያቱም የጥድ ዘመዶች በዓለም ሁሉ ለእርሳስ መሥሪያ ሲያገለግሉ ኖረዋል፤ የምሥራቅ አፍሪካው ጥድም ለዚሁ ተግባር ወደ ውጭ ይላክ ነበር። የፈረንጅ ጥድ ደግሞ ፈዘዝ ብሎ ወደ ቢጫ የሚያደላ ነው፤ ሽታው ይደክማል፤ በእርሻ መልክ ተተክሎ በፍጥነት ስለሚያድግ ቀለበቶቹ ሰፋፊና ጉልህ ናቸው። ዝግባን ያየ ሰው ግን ቀለበት ፈልጎ ይደክማል፤ ሽታም የለውም፤ ልቡና ዳሩም በቀለም አይለይም።

ዋንዛና ግራቪሊያ ሌላ ጥንድ ናቸው። ሁለቱም ከመሐል ወደ ዳር የሚዘረጉ ሰፋፊ ጨረሮች አሏቸው፤ በተወሰነ አቅጣጫ ሲሰነጠቁ ጨረሮቹ ጣውላው ላይ የሚያብረቀርቅ ዝንጉርጉር ይሠራሉ። የሚቸኩል ዐይን አንዱን በሌላው ይወስዳል። በግራቪሊያ ጫፍ ላይ ግን ጨረሮቹ ከዋንዛው በጣም ይሰፋሉ፤ በሁለት ጨረሮች መካከል ደግሞ ነጣ ያሉ መስመሮች ከግራና ከቀኝ ታስሮ መሐሉ እንደ ረገበ ገመድ ጎብጠው ታያላችሁ። ይህን ገመድ አንድ ጊዜ ያየ ሰው ዳግመኛ አይሳሳትም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ጣልቃ ላስገባ። የእነዚያ የአራት ዛፎች ዝርዝር የተጻፈው ሌላውን ደጋ በማሰብ ይመስለኛል። ጥድ የደረቅ ደጋ ዛፍ ነው፤ የካፋ እርጥብ ደን የእርሱ ዋና ቤት አይደለም። የዚህ ደን ግርማ ግን ቀራሮ ነው። ግንዱ ቀጥ ብሎ እስከ 50 ሜትር ሊደርስ ይችላል፤ ሲቆስል ነጭ ወተት ያፈሳል፤ ጣውላውም ሮዝ ወደ ቡናማ የሚያደላ፣ ለስላሳ፣ ለቤት ዕቃና ለኮምፔንሳቶ እጅግ የሚፈለግ ነው። ቀራሮ በዚያ የፌዴራል ዝርዝር ውስጥ አልነበረም። ጥቁር እንጨትም አልነበረበትም፤ ቅርፊቱ ለፕሮስቴት ሕመም መድኃኒት ስለሚውል ዓለም አቀፍ ንግዱ እ.ኤ.አ. ከ1995 ጀምሮ በሳይተስ ስምምነት ቁጥጥር ሥር ቢውልም። የካፋን ደን የሚያውቅ ሰው ዝርዝሩን ጽፎት ቢሆን ኖሮ ሌላ መልክ ይኖረው ነበር። የቀራሮን ጣውላ በመነጽር ብታዩት ቀዳዳዎቹ ሁለት ሦስት ሆነው ከመሐል ወደ ዳር በሰልፍ የቆሙ፣ በመካከላቸውም ጸጉር የመሰሉ ቀጫጭን መስመሮች የተዘረጉበት ነው። ይህንንም ተማሪዎቼ በቃላቸው እንዲይዙት እፈልጋለሁ።

አሁን ወደ ሁለተኛው ቦታ ልውሰዳችሁ፤ ወደ ምድጃ። በአገራችን ከሚቆረጠው እንጨት የሚበዛው ጣውላ አይሆንም፤ ይነድዳል። ስለ ማገዶ ስናስተምር ግን ቁጥሩን እንጂ እንጨቱን አናስተምርም። እናቶች «ይህ እንጨት እሳቱ ይጸናል፤ ያኛው ገለባ ነው» ሲሉ ምን ማለታቸው ነው?

የሁሉም እንጨት ግድግዳ፣ የየዝርያው ልዩነት ሳይኖር፣ ክብደቱ አንድ ነው ማለት ይቻላል፤ ከውኃ አንድ ተኩል ጊዜ ያህል ይከብዳል። አየር የሌለበት እንጨት ቢኖር ኖሮ ሁሉም ይሰጥም ነበር። የዛፎች ልዩነት ያለው በግድግዳው ውፍረትና በውስጡ ባለው ባዶ ቦታ ነው። የዝንጀሮ ወንበር የሚባለው ዛፍ፣ በካፍኛ ካራሾ፣ አብዛኛው አየር ነው፤ ጥቁር እንጨት ደግሞ ግድግዳው ከዚያ እጅግ ይበዛል። ስለዚህ በደንብ የደረቀ እንጨት በኪሎ ሲለካ የሚሰጠው ሙቀት ከዛፍ ዛፍ ብዙም አይራራቅም። የሚራራቀው በሸክም ሲለካ ነው። አንዲት እናት ከደን እስከ ቤቷ የምትሸከመው ሸክም መጠኑ የተወሰነ ነው፤ ያንኑ ሸክም በከባድ እንጨት ብትሞላው ለብዙ ሰዓት ታበስልበታለች። «እሳቱ ይጸናል» ማለት ይህ ነው። ሌላው ውኃው ነው። አዲስ የተቆረጠ እንጨት ከራሱ ደረቅ ክብደት የሚበልጥ ውኃ ሊይዝ ይችላል፤ ያ ውኃ ሳይተን እንጨቱ ፍም አይሆንም፤ የምትሰጡት ሙቀት እንፋሎትና ጢስ ሆኖ ይሄዳል። በቦንጋ የዝናቡ ወራት ረጅም ነው። እንጨቱን ከመሬት አንሥቶ፣ ከላይ ሸፍኖ፣ ጎኑን ለነፋስ ትቶ ማድረቅ የሚያተርፈውን ያህል አንዳንድ የተሻሻለ ምድጃ እንኳ ላያተርፍ ይችላል። በየፕሮጀክቱ ምድጃ ሲታደል አይቻለሁ፤ የእንጨት ማድረቂያ ዳስ ሲሠራ ግን አላየሁም።

ከሰል ደግሞ ሌላ ስሌት አለው። በአፈር ተዳፍኖ በሚከሰልበት በተለመደው መንገድ ከ100 ኪሎ ደረቅ እንጨት የሚገኘው ከሰል ከ10 እስከ 20 ኪሎ ነው። ከ10 እስከ 20 ስል ልዩነቱ እጥፍ መሆኑን ልብ በሉ። ይህን እጥፍ የሚወስነው የእንጨቱ ድርቀት፣ የአደራደሩ ጥብቀት፣ የአፈሩ ክዳንና የጢሱን ቀለም አይቶ አየሩን መቼ መዝጋት እንዳለበት የሚያውቅ ሰው ነው። ነጭ ጢስ ውኃው እየወጣ መሆኑን ያሳያል፤ ጢሱ ሳስቶ ወደ ሰማያዊ ሲያደላ ጊዜው ደርሷል። ጥሩ አክሳይ ያለበት መንደርና የሌለበት መንደር ያንኑ ከሰል ለማግኘት አንዱ የሌላውን እጥፍ ደን ሊጨርስ ይችላል ማለት ነው።

በካፋ ይህን ዕውቀት የያዘው ማነው ብላችሁ ስትጠይቁ ወደ ዋናው ነገሬ እንደርሳለን። በአብዛኛው የማንጆ ማኅበረሰብ ነው። ማንጆዎች ቀድሞ በአደን፣ በኋላም ማገዶና ከሰል ወደ ቦንጋ ገበያ በማቅረብ የኖሩ ወገኖቻችን ናቸው። ከሌላው ጋር በአንድ ማዕድ እንዳይቀርቡ፣ ከሰው ቤት ደጃፍ እንዳያልፉ፣ በጋብቻም እንዳይዛመዱ ሆነው ለዘመናት ተገልለዋል፤ መገለሉ ዛሬ ሙሉ በሙሉ ጠፍቷል የሚል ሰው ካለ ቅዳሜ ገበያ ወጥቶ ይመልከት። ይህ የካፋ ብቻ ነውር አይደለም። በሰሜኑም ብረት የሚያቀልጠው፣ ሸክላ የሚሠራው፣ እንጨት የሚጠርበው ሰው ጠይብ ተብሎ፣ ቡዳ ተብሎ ተሰድቧል። ብረት አቅላጩ የትኛው ከሰል ብረት እንደሚያሟሽ፣ ሸክላ ሠሪዋ የትኛው እንጨት ማሰሮዋን ሳይሰነጥቅ እንደሚተኩስላት ያውቁ ነበር። ያወቁትን ግን የጻፈላቸው የለም። በአገራችን የእንጨት ዕውቀት ያልተጻፈው ዕውቀቱ ስለሌለ ሳይሆን የያዙት ሰዎች ስለተናቁ ነው የሚል እምነት አለኝ። ሊቁ ብራናውን በከሰል ቀለም ሲጽፍበት ከሰሉን ያከሰለውን ሰው ስም አላሰፈረም።

ስለዚህ እ.ኤ.አ. በ1996 ፋርም አፍሪካ በቦንጋ አሳታፊ የደን አስተዳደርን ሲጀምር፣ ማንጆዎችም በደን ተጠቃሚነት እንዲቆጠሩ መደረጉን እንደ ትልቅ ነገር እቆጥረዋለሁ። ሆኖም ተጠቃሚ ተብሎ መቆጠርና ዐዋቂ ተብሎ መቆጠር የተለያዩ ናቸው። ሁለተኛው ገና አልደረሰም። በደን ማኅበራት ስብሰባ ላይ ማንጆው የሚመከረው ከሰል እንዲተው ነው፤ ከሰልን በግማሽ እንጨት እንዴት እንደሚያወጣ የሚጠይቀው የለም።

አናጢዎቻችንን በአጭሩ ልጥቀስ። ጣውላ ሲደርቅ የሚጠብበው ከዳር እስከ ዳር በቀለበቱ አቅጣጫ በኩል ነው፤ ከመሐል ወደ ዳር ከሚጠብበው እጥፍ ያህል ይሆናል። ጣውላ የሚጎብጠው በዚህ ምክንያት ነው። መጥበቡ የሚጀምረው ደግሞ በእንጨቱ ውስጥ ያለው እርጥበት ከ30 በመቶ ገደማ በታች ሲወርድ ነው። በቦንጋ አየር የደረቀ በር ወደ ደረቅ አገር ሲሄድ እንደገና ይጠብባል፤ ይሰነጠቃል፤ ገዢውም «የካፋ እንጨት አይረባም» ይላል። እንጨቱ ምን በደለ? ሳይደርቅ ተሠርቶ ነው። በዚህ ጉዳይ ላይ ከዚህ በላይ አልቆይም፤ የኮንስትራክሽን ባልደረቦቼ በተግባር ያሳዩአችኋል።

ከዚህ ይልቅ የሚያስገርመኝን አንድ ነገር ላንሣ። በካፋ ከሁሉ ይልቅ የሚከበሩት ዛፎች እንጨታቸው ዋጋ የሌለው መሆኑ ነው። ገተምን ውሰዱ፤ ካፊቾዎች ቡቶ ይሉታል። እንጨቱ ለስላሳ ነው፤ ለጣውላ ብዙም አይፈለግም። ነገር ግን በመጋቢትና በግንቦት መካከል ሲያብብ ንቦቹ ነጩን ማር ከእርሱ ይቀስማሉ፤ የካፋ ማር ስሙ የወጣበት ነው። ገተም ብዙ ጊዜ ሕይወቱን የሚጀምረው መሬት ላይ አይደለም፤ ዘሩ በሌላ ትልቅ ዛፍ ቅርንጫፍ ላይ ወድቆ ይበቅላል፤ ሥሩን ወደ ታች እየሰደደ ዘመናት ቆይቶ ራሱን ይችላል። እንግዲህ አንድ ነጋዴ «ገተሙን አልነካሁም፤ የቆረጥሁት ያረጁትን ቀራሮዎችና ዶቅማዎች ብቻ ነው» ቢል፣ የዛሬውን ገተም ትቶ የነገውን ገተም አልጋ ወሰደ ማለት ነው። በሜትር ኩብ የሚቆጥር የደን ዕቅድ ይህን አያየውም፤ አሮጌ ዛፍ በዚያ ስሌት ውስጥ «የደረሰ» ስለሚባል መጀመሪያ የሚቆረጠው እርሱ ነው።

ካራሾም እንደዚሁ ነው። እንጨቱ ቀላል ነው፤ ለምሰሶ አይሆንም፤ ምስጥ አይምረውም። ግን በቀላሉ ይቦረቦራል፤ ቀፎ ሲሆን ደግሞ ቀላልነቱ ራሱ ጥቅም ነው። ከ20 ሜትር በላይ ወደሆነ ዛፍ ጫፍ በገመድ የሚጎተት ነገር ከባድ መሆን የለበትም፤ አየር የበዛበት እንጨትም ብርድና ሙቀት በቶሎ አያስገባም። ቀፎ ሰቃዩ ይህን የሚያውቀው ሰሌዳ ላይ ተጽፎለት አይደለም። ቡናን የሚያጠሉት ሰሳና ብርብራም በጣውላ ነጋዴ ዐይን ከዋንዛ ጋር አይወዳደሩም፤ በገበሬው ዐይን ግን ጥላቸው ስስ፣ ቅጠላቸው አፈር የሚያዳብር፣ ሥራቸው ናይትሮጅን የሚያስቀር ናቸው። ብርብራ ደግሞ ከኢትዮጵያ ሌላ በቅያ የሌለው የራሳችን ዛፍ ነው።

ቀድሞ በካፋ ደኑ በኮቦ ይከፈል ነበር፤ ቤተሰቡ በዚህ ክልል ያሉትን የቀፎ ዛፎች ያውቃል፣ ይጠብቃል፣ ለልጁም ያወርሳል። በ1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት ሲሆን በወረቀት ላይ ኮቦ ቀረ፤ በልብ ግን በብዙ ቦታ ቀጠለ። ጥያቄዬ የባለቤትነት አይደለም፤ በዚያ ላይ የሕግ ምሁራን ብዙ ብለዋል፤ የ2010ሩ አዋጅም የማኅበረሰብን የደን ባለይዞታነት በግልጽ አውቋል። እኔ የምለው ኮቦ የትምህርት ቤትም ነበር ነው። አባት ለልጁ የሚያወርሰው ዛፎቹን ብቻ አልነበረም፤ የትኛው ዛፍ መቼ እንደሚያብብ፣ የትኛው ቅርንጫፍ ሰው እንደሚሸከምና የትኛው እንደሚከዳ፣ የትኛው እንጨት ለቀፎ፣ የትኛው ለመሰላል እንደሚሆን ጭምር ነበር። ያ ትምህርት ቤት ሲዳከም እኛ በምትኩ ምን አቆምን? የቅጠል ስብስብ አቆምን። ጥሩ ነው፤ ግን እኩሌታው ነው።

በቤልጅግ ተርቩረን በሚገኘው ሙዚየም ውስጥ 80 ሺህ ገደማ የእንጨት ናሙናዎች ተደርድረው ይገኛሉ። የእንጨት አናቶሚ ሊቃውንት ማኅበርም እ.ኤ.አ. በ1989 የቀዳዳ ባለቤት እንጨቶችን ለመለየት የሚያገለግሉ 163 ምልክቶችን በዝርዝር አውጥቷል። እኔ የምለምነው ሰማንያ ሺህ አይደለም። ለካፋ ሰማንያ ዛፎች ይበቁናል። ለሰማንያ ዛፍ ደግሞ አንድም ሕያው ዛፍ መቁረጥ አያስፈልግም፤ በነፋስ የወደቀው፣ ለመንገድ ሥራ በሕግ የተነሣው፣ አናጢው ቆርጦ የጣለው ቁራጭ፣ ኬላ ላይ ተወርሶ በዝናብ የሚበሰብሰው ጣውላ አለ። የተወረሰው ጣውላ በተለይ ያሳዝነኛል፤ ወንጀሉን ከመሰከረ በኋላ ለትምህርት እንኳ ሳይሆን ይቀራል።

አሠራሩን ደግሞ በግልጽ ላስቀምጥ፤ ከዚህ አዳራሽ ስትወጡ መጀመር ትችላላችሁና። ናሙናው በእጅ የሚያዝ፣ ከመጽሐፍ የማይበልጥ ቁራጭ ይሁን። ከልቡም ከዳሩም ይያዝ፤ ቅርፊቱ ቢኖርበት የተሻለ ነው። ከዛፉ ከራሱ ቅጠልና አበባ ወይም ፍሬ ተወስዶ ወደ ዕፀዋት ስብስቡ በአንድ ቁጥር ይግባ፤ ያለዚያ የናሙናው ስም ወሬ ይሆናል። በጥላ ሥር፣ በዝግታ ይድረቅ፤ ፀሐይ ላይ የደረቀ ይሰነጠቃል። አንዱ ፊት ይላግ፤ የተቆረጠው ጫፍ በተሳለ ቢላዋ ይላጥ። ከኋላው ሦስት ስሞች ይጻፉበት፤ የካፍኛው፣ የአማርኛውና የላቲኑ። ካፍኛው በቅድሚያ ይጻፍ፤ ዛፉን የሚያውቁት ሰዎች የሚጠሩበት እርሱ ነው።

አራተኛም መስመር አለ፤ እኔ በግሌ የማልለቀው ይህን ነው። «ይህን እንጨት ያስተማረን» የሚል መስመር ይኑርና የአክሳዩ፣ የአናጢው፣ የቀፎ ሰቃዩ ወይም የሸክላ ሠሪዋ ስም፣ ፈቃዳቸውን ከሰጡ፣ ከነቀበሌያቸው ይጻፍበት። የምርምር ጽሑፍ ውስጥ ለአንድ የላቲን ስም ያወጣለትን ሰው ስም እንጠቅሳለን፤ ከስሙ በኋላ በአሕጽሮት የሚከተለው የሊቁ ስም ነው። ለአክሳዩ ይህን ብናደርግ ከሳይንሱ ሥርዓት አልወጣንም።

ተማሪዎቼ፣ የሚቀጥለው የፈተና ጊዜ ሲደርስ ጠረጴዛው ላይ የምታገኙት ቅርንጫፍ አይሆንም። ቢላዋችሁን ስላችሁ ኑ። ከኋላ የተቀመጣችሁ አባቶችና እናቶች ደግሞ፣ አሁን ጥያቄና አስተያየት የምንቀበልበት ሰዓት ነው፤ ድምፅ ማጉያውን መጀመሪያ ወደ እናንተ እንዲወስዱት ጠይቄያለሁ። ከካራሾና ከጥቁር እንጨት ሌላ ለቀፎና ለሙቀጫ የምትመርጡትን ብትነግሩን፣ እዚህ የተቀመጡት ሁለት ተማሪዎች ይጽፋሉ።